«ምንም የለም» ያልናቸው እናት

ልጃቸው ፌስታሉን አልጋው ጫፍ ላይ ዘረገፈው። ሦስት የሆድ አልትራሳውንድ፣ አንድ የደረት ራጅ፣ አንድ የሆድ ሲቲ ስካን ከነፊልሙ፣ በስቴፕለር የተያያዙ የደምና የሰገራ ውጤቶች። የምስሎቹ ወረቀቶች ከተለያየ ቦታ የመጡ ቢሆኑም መጨረሻቸው ላይ ያለው ቃል አንድ ነው፤ «ኖርማል»። ልጁ ቃሉን ወደ አማርኛ መልሶታል። «አምስት ጊዜ ምንም የለም ተባልን። እሷ ግን ሌሊቱን ቁጭ ብላ ነው የምታነጋው። አሁን አዲስ አበባ ወስጄ ሁሉንም የሚያሳየውን ማሽን ላስነሳት ነው። በሬውም ዋጋ ተቆርጦለታል» አለኝ።

እናቱ ከወግዲ ነው ደሴ የመጡት። ሰባ ዓመት ይጠጋቸዋል። ሲገቡ ቀሚሳቸውን በሁለት ጣት ቆንጠጥ አድርገው ከግራ ጎናቸው ራቅ አድርገው ይዘውታል። አየሁት፤ ግን ቁም ነገር አላልኩትም። አልጋው ላይ ከወጡ በኋላ ወደ ስክሪኑ እያዩ «ልጄ፣ ምንም ከሌለብኝ ታዲያ ይሄ የሚነደው ምንድነው?» አሉ።

ማዘዣው ላይ «የሆድ አልትራሳውንድ» ይላል። ምክንያቱን በሚጠይቀው መስመር ላይ «ሕመም» ተብሎ ተጽፏል፤ ሌላ ነገር የለም። ጉበቱን፣ ሐሞት ከረጢቱን፣ ቆሽቱን፣ ጣፊያውን፣ ሁለቱን ኩላሊቶች፣ ትልቁን የደም ቧንቧ በየተራ አየሁ። ሁሉም ደህና ነው። በግራ ጎድናቸው ሥር ፕሮቡን፣ ማለትም በእጅ የሚያዘውን የማሽኑን ጫፍ፣ ጫን አድርጌ «እዚህ ጋ ያምዎታል?» አልኳቸው። «ስትጫነውስ ደህና ነው» አሉ። ጨረስኩ። ሶፍት ቀድጄ ጄሉን ከጎናቸው ላይ ቀስ ብዬ ስጠርግ ግን ጮኸው እጄን ያዙኝ።

ፕሮብ ሲጫናቸው ያልታመሙ ሴት በሶፍት ተቃጠሉ። መብራቱን አበራሁት፤ አልትራሳውንድ ክፍል ስክሪኑ እንዲታይ ሁልጊዜ ጨለም ይላል። ዞር እንዲሉ ጠየቅኳቸውና ቀሚሱን እስከ ጀርባቸው ገለጥነው። ከአከርካሪያቸው ተነሥቶ ጎድን ጎድኑን ይዞ ወደ እምብርታቸው የሚወርድ፣ መዳፍ የሚያህል ስፋት ያለው የጠቆረና ጎድጎድ ያለ ጠባሳ። ከፊት በኩል የሆዳቸው መሐል ላይ ሲደርስ በመስመር እንደተቆረጠ ያህል ይቆማል። «እሱማ ያኔ በመኸር የወጣብኝ አልማዝ ባለጭራ ነው፤ እሱስ ድኗል» አሉ።

አልማዝ ባለጭራን የሚያመጣው በልጅነት ጉድፍ ያስወጣን ያው ቫይረስ ነው። ጉድፉ ሲድን ቫይረሱ ከሰውነት አይወጣም፤ አከርካሪ አጠገብ ባሉ የነርቭ ሥሮች ውስጥ ተኝቶ አሥርት ዓመታት ይቆያል። የሰውነት መከላከያ በዕድሜ ወይም በሌላ በሽታ ሲደክም ይነሣና አንዱን ነርቭ ይዞ ወደ ቆዳ ይወጣል። ነርቮቹ ግራና ቀኝ ለየብቻቸው ስለሆኑ ሽፍታው የሰውነትን መሐል አይሻገርም። ውሃ የቋጠረው ቁስል በጥቂት ሳምንት ይደርቃል። ነርቩ ግን ተጎድቶ ሊቀር ይችላል። ሕመሙ ከ3 ወር በላይ የቆየ እንደሆነ በራሱ ስም የሚጠራ የነርቭ ሕመም ነው፤ ቀላል ንክኪን፣ የልብስን ጨርቅ፣ ነፋስን ሳይቀር እንደ እሳት ይቆጥረዋል። ጠንከር ያለ ግፊት ግን ብዙ ጊዜ ይቻላል። ይህን የሚያሳይ ራጅ የለም፣ አልትራሳውንድ የለም፣ ሲቲ የለም። በተለመደው ኤምአርአይም አይገኝም። በሽታው የሚታወቀው በጠባሳውና በታማሚው ቃል ነው።

ከፌስታሉ ወረቀቶች አንዱም አልዋሸም። የከነከነኝ እሱ ነው። እያንዳንዱ መሣሪያ ማየት የሚችለውን አይቶ ትክክለኛውን መልስ ሰጥቷል፤ ጥያቄው ግን የእሳቸው ጥያቄ አልነበረም። «ኖርማል» ስንል ይህ መሣሪያ ሊያሳይ ከሚችለው ውስጥ ከተለመደው የወጣ ነገር አልታየኝም ማለታችን ነው። ወረቀቱ ከክፍሉ ሲወጣ ያ ሁሉ ይቀርና «ምንም የለም» ብቻ ይተርፋል። ሆድ ያባውን ብቅል ያወጣዋል ይባላል፤ ዛሬ ዛሬ የብቅሉ ቦታ ለማሽን የተሰጠ ይመስላል።

ራጅ ጥላ ነው

ሮንትገን የተባለው ጀርመናዊ የፊዚክስ ሊቅ ጨረሩን ያገኘው በ1895 እ.ኤ.አ. ነው። በዚያው ዓመት የሚስቱን እጅ ሲያነሣ አጥንቷና የጣት ቀለበቷ ታዩ። አሠራሩ ዛሬም ያው ነው፤ ጨረሩ ባንድ በኩል ገብቶ በሰውነት ውስጥ ያልተዋጠው በሌላ በኩል ወጥቶ ምስል ይሠራል። ራጅ ለይቶ የሚያየው አምስት ነገር ብቻ ነው። አየር ጥቁር ነው፣ ስብ ጠቆር ያለ ግራጫ፣ ሥጋና ፈሳሽ ግራጫ፣ አጥንት ነጭ፣ ብረት ደግሞ ከሁሉም የደመቀ ነጭ። ውሃ፣ ደም፣ መግል፣ ጉበት፣ ጡንቻ ሁሉም አንድ ዓይነት ግራጫ ናቸው። ሳንባ ዙሪያ ፈሳሽ ቋጥሯል ብሎ ራጅ ይናገራል፤ ውሃ ይሁን መግል ይሁን ደም የሚናገረው መርፌ ነው።

ጥላ ደግሞ ጥልቀት የለውም። ከጦርነቱ ወዲህ በወሎ ፍንጣሪ በሰውነታቸው ይዘው የሚኖሩ ሰዎች ስላሉ ይህ ለእኛ የመጽሐፍ ወሬ አይደለም። ከፊት የተነሣ የደረት ራጅ ላይ ፍንጣሪው ልክ ሳንባው መሐል የተቀመጠ ይመስላል፤ በጎን ሲነሣ ከጀርባ ጡንቻ ውስጥ፣ ከጎድን አጥንት ውጭ ሆኖ ይገኛል። አንዱ ምስል ብረት መኖሩን ይነግርሃል፤ የት እንዳለ የሚነግሩህ በ90 ዲግሪ የተነሡ ሁለት ምስሎች ተደምረው ነው። በአንድ ራጅ ብቻ ተመርቶ ሥጋ መክፈት ሳያስፈልግ መቁረጥን ያመጣል። እሾህና የእንጨት ስንጥር ደግሞ ብዙውን ጊዜ በራጅ ጭራሽ አይታዩም። የግራር እሾህ እግሩ ውስጥ ተሰብሮ የቀረበት እረኛ ራጁ «ኖርማል» ሊሆን ይችላል፣ እግሩ ግን ማመርቀዙን አያቆምም። ለእሱ የሚሻለው ላይ ላዩን በሚያየው ፕሮብ የሚሠራ አልትራሳውንድ ነው፤ እሾሁን እንደ ነጭ መስመር፣ ከኋላው ጥቁር ጥላ አስከትሎ ያሳየዋል።

አጥንትም ቢሆን ሁልጊዜ ወዲያው አይናገርም። እጁን ዘርግቶ የወደቀ ሰው፣ ከአውራ ጣቱ በታች አንጓው ላይ ያለችው ጎድጓዳ ቦታ ስትጫን ካመመችው፣ የመጀመሪያ ቀን ራጁ ምንም ባያሳይ እንኳ ስብራት የለም ማለት አይደለም። እዚያ ያለችው ትንሽ አጥንት ስትሰነጠቅ ስንጥቋ ፀጉር ታህላለች። እጁ ታስሮ ይቆይና ከ10 እስከ 14 ቀን ባለው ጊዜ ውስጥ ራጁ ይደገማል፤ ያን ጊዜ የስንጥቁ ዳርና ዳር ስለሚሳሳ መስመሩ ይታያል። የአጥንቷ ደም የሚገባው ከአንድ ጫፏ በኩል ነው፤ ስብራቱ ካልታወቀ ሌላኛው ጫፍ ደም አጥቶ ሊሞት ይችላል። «ራጁ ደህና ነው ተብሏል» ብሎ ወጌሻ ጋ ሄዶ የሚታሽ ሰው የሚጎዳው እዚህ ላይ ነው። ወጌሻውም ሰውየውም ወረቀቱን አምነው ነው።

የሳንባ ነቀርሳም እንዲሁ ነው። ራጅ ሳንባው አናት ላይ ጥላ ያሳያል። ያ ጥላ ዛሬ የሚያስለው በሽታ ይሁን ከዓመታት በፊት የዳነ ጠባሳ ብዙ ጊዜ በአንድ ፊልም አይለይም። አክታ ተመርምሮ ነው የሚለየው፤ ጂን ኤክስፐርት ለተባለው የአክታ መመርመሪያ ማሽን 2 ሰዓት ገደማ ይበቃዋል። የድሮ ፊልም ካለ ደግሞ ከአዲሱ ጎን ማስተያየት ብዙ ነገር ይፈታል። እባካችሁ የድሮ ራጅ አትጣሉ።

አልትራሳውንድና ጨጓራ

«ጨጓራዬን በአልትራሳውንድ እዩልኝ» የሚለው ጥያቄ በየቀኑ ይመጣል፤ በየቀኑም መልሱ ያው ነው። አልትራሳውንድ ድምፅ ነው። ፕሮቡ ጆሮ የማይሰማው ድምፅ ይልካል፤ ድምፁ በሥጋ ውስጥ በሰከንድ 1540 ሜትር ገደማ እየተጓዘ የሁለት ነገር ድንበር ባገኘ ቁጥር ከፊሉ ይመለሳል፤ ማሽኑ ከተመለሰበት ጊዜ ርቀቱን አስልቶ ምስል ይስላል። አየር ሲያገኝ ግን ከሞላ ጎደል ሁሉም እዚያው ይመለሳል። ጄል የምንቀባው በፕሮቡና በቆዳው መካከል ያለችው ያቺ ስስ አየር እንኳ ስለምትዘጋው ነው። ጨጓራና አንጀት አየር የሞላባቸው ናቸው። የጨጓራ ቁስለትም ከውስጥ በኩል ያለው ሽፋን ላይ ያለ መላጥ ነው። በአልትራሳውንድ «ጨጓራ አለብህ» የተባለ ሰው የተነገረው ነገር ከምስሉ የመጣ አይደለም። ቁስሉን የሚያየው በአፍ የሚገባው ኢንዶስኮፒ ነው፤ አብዛኛውን ጊዜ የሚያመጣውን ባክቴሪያ ደግሞ የሰገራ ምርመራ ይይዘዋል።

አልትራሳውንድ የሚበልጥበት ቦታ ላይ ግን ማንም አይደርስበትም። የሐሞት ጠጠር ከአሥሩ አንዱ ወይም ሁለቱ ብቻ ናቸው በራጅ የሚታዩት፤ በአልትራሳውንድ ግን ሁሉም ማለት ይቻላል ይገኛሉ። ጠጠሩ እንደ ነጭ ነጥብ ሆኖ ከኋላው ጥቁር ጥላ ይጥላል፤ ሰውየው በጎኑ ሲዞር ይንከባለላል። ለዚህ ከ6 እስከ 8 ሰዓት መጾም ያስፈልጋል፤ የበላ ሰው ሐሞት ከረጢቱ ተጨብጦ ጠጠሩ ሊሸሸግ ይችላል። በረመዳን ረፋዱ ላይ የሚመጡት ታካሚዎቻችን ለዚህ ምርመራ ሳያስቡት ተዘጋጅተው ነው የሚገኙት። የማሕፀን ምርመራ ግን ተቃራኒው ነው። ከአንድ ሰዓት በፊት አራት አምስት ብርጭቆ ውሃ ተጠጥቶ ፊኛው መሙላት አለበት፤ የሞላ ፊኛ አየር ያለበትን አንጀት ገፍቶ ለድምፁ መስኮት ይከፍታል። ጾመኛ ሴት ውሃ ስለማትጠጣ ጠዋት ሽንቷን ሳትሸና ብትመጣ ይሻላል።

እርግዝና ላይ የሚፈጠረው አለመግባባት የሚያሳዝነኝ በቀላሉ ሊቀር ስለሚችል ነው። ከ14ኛው ሳምንት በፊት ጽንሱ ከራስ እስከ መቀመጫው ሲለካ የመውለጃው ቀን የሚሳተው በ5 እስከ 7 ቀን ነው። ከ28ኛው ሳምንት በኋላ ግን ልጆች እንደ ቤተሰቡ፣ እንደ እናቲቱ አመጋገብ ትልቅም ትንሽም ስለሚሆኑ ስሕተቱ 3 ሳምንት ሊደርስ ይችላል። ያረገዘችበትን ቀን የማታውቅ ሴት ዘጠነኛ ወሯ ላይ መጥታ «ቀኔን ንገሩኝ» ብትል ማሽኑ ቀን ጽፎ ይሰጣታል። ያ ቀን ግምት ነው። ከገጠር እስኪደርሱ መንገዱ ረጅም እንደሆነ አውቃለሁ፤ ቢሆንም አንድ ጊዜ ብቻ መምጣት የምትችል ከሆነ በመጀመሪያዎቹ ወራት ብትመጣ ነው የምመርጥላት።

ትልልቆቹ ማሽኖች

ልጁ «ሁሉንም የሚያሳየው ማሽን» ያለው ኤምአርአይን ነው። ብዙ ሰው ራጅን ከታች፣ አልትራሳውንድን ቀጥሎ፣ ሲቲን ከዚያ በላይ፣ ኤምአርአይን ደግሞ ከሁሉም በላይ አድርጎ እንደ መሰላል ይደረድራቸዋል፤ ገንዘብ ሲገኝ አንድ ደረጃ መውጣት ነው። መሰላል ግን አይደሉም። አንዱ የሚያየውን ሌላው አያይም።

ሲቲ ራጅ ነው፤ ጨረሩ በሰውነት ዙሪያ እየዞረ ኮምፒውተር ቁርጥ ቁርጥ አድርጎ ይስለዋል። ለእያንዳንዷ ነጥብ ቁጥር ይሰጣል፤ ውሃ 0፣ አየር ከዜሮ በታች 1000፣ ትኩስ የፈሰሰ ደም ከ50 እስከ 70 አካባቢ። በራጅ አንድ ግራጫ የነበሩት እዚህ ይለያያሉ። ስለዚህ ጭንቅላት ውስጥ የፈሰሰ ደም በደቂቃዎች ውስጥ ይገኛል። ነገር ግን ፊቱ የተጣመመ፣ እጁ የዛለ ሰው በመጀመሪያዎቹ ሰዓታት ሲቲው «ኖርማል» ሊሆን ይችላል፤ የደም ሥር በመዘጋቱ የሚሞተው የአንጎል ክፍል መልኩን ለመለወጥ ጊዜ ይፈልጋል። ሐኪሙ በዚያ ሰዓት ሲቲ የሚያዝዘው ደም አለመፍሰሱን ለማረጋገጥ ነው። «ሲቲው ደህና ነው» ተብሎ ቤት መመለስ እዚህ ላይ ሰው ያሳጣል። ዋጋውም ገንዘብ ብቻ አይደለም። አንድ የሆድ ሲቲ ወደ 8 ሚሊሲቨርት ጨረር አለው፤ ሰው ከተፈጥሮ በ3 ዓመት ውስጥ የሚያገኘውን ያህል መሆኑ ነው። ሲያስፈልግ አያስፈራም፤ ሳያስፈልግ ግን ለምን?

ኤምአርአይ ጨረር የለውም፤ ማግኔት ነው። የተለመደው 1.5 ቴስላ ማሽን ከመሬት ማግኔት ሠላሳ ሺሕ ጊዜ ገደማ ይበረታል፤ ሰው ተነሥቶ ሲወጣም አይጠፋም። ዓይን አካባቢ ወይም አከርካሪ አጠገብ ፍንጣሪ ያለበት ሰው ይህን ሳይናገር ከገባ አደጋ ነው፤ ስለዚህ በፊት ራጅ ይነሣል። ይህ በእኛ አካባቢ መጀመሪያ መጠየቅ ያለበት ጥያቄ ነው። ኤምአርአይ አንጎልን፣ የአከርካሪ ገመድን፣ ጅማትንና በአከርካሪ አጥንቶች መካከል ያለውን ዲስክ በማሳየት ወደር የለውም። ችግሩም ከዚያው ይመጣል፤ በጣም ብዙ ያሳያል። በ1994 እ.ኤ.አ. የታተመ አንድ የአሜሪካ ጥናት የጀርባ ሕመም የሌለባቸውን 98 ሰዎች በኤምአርአይ አነሣ። ከግማሽ በላይ የሚሆኑት፣ 52 በመቶው፣ ቢያንስ አንድ ዲስካቸው ተነፍቶ ተገኘ። ሕመም የሌለባቸው ሰዎች ናቸው! የእኚህን እናት አከርካሪ አዲስ አበባ ወስደን ብናስነሳው በሰባ ዓመታቸው የተነፋ ዲስክ እንደሚገኝ መገመት አያዳግትም። ያን ጊዜ «ተገኘ» ይባላል። የወገብ መድኃኒት፣ ምናልባትም የቀዶ ጥገና ወሬ ይከተላል፤ የሚነደው ቆዳ እዚያው ሆኖ።

«ምንም የለም» ከሚለው ይልቅ «ተገኘ» የሚለው የበለጠ የሚያስፈራኝ ለዚህ ነው። መጀመሪያውን የሰማ ሰው ቢያንስ ፍለጋውን ይቀጥላል።

ማዘዣው ላይ ያልተጻፈው

በ2013 እ.ኤ.አ. የወጣ ሌላ ጥናት አለ። 24 ልምድ ያላቸው ራዲዮሎጂስቶች፣ ማለትም ምስል የሚያነቡ ሐኪሞች፣ በሳንባ ሲቲ ላይ ትናንሽ ዕጢዎችን እንዲፈልጉ ተጠየቁ። አጥኚዎቹ ምስሎቹ ውስጥ ከተለመደው ዕጢ 48 ጊዜ የሚበልጥ የጎሪላ ሥዕል አስገቡበት። ሃያዎቹ ጎሪላውን አላዩትም። የዓይናቸውን እንቅስቃሴ የሚከታተለው መሣሪያ እንዳሳየው ካላዩት ውስጥ አብዛኞቹ ዓይናቸው ጎሪላው ላይ አርፎ ነበር። ሰነፎች ስለሆኑ አይደለም፤ የተላኩት ዕጢ ሊፈልጉ ነው። ዓይን የሚያመጣው የተላከበትን ነው።

«ሆድ፣ ሕመም» ተብሎ ሲላክልኝ የተላክሁት ወደ ሆድ ዕቃ ነው። ማዘዣው «ከ5 ወር ወዲህ፣ በግራ ጎድን ሥር፣ የሚያቃጥል፣ ልብስ ሲነካው የሚብስ» ቢል ኖሮ ፕሮቡን ከማንሣቴ በፊት መብራቱን አበራ ነበር። ያ አንድ መስመር ለመጻፍ ግማሽ ደቂቃ አይፈጅም። መቶ ሰው በር ላይ ቆሞ ግማሽ ደቂቃም እንደሚከብድ አውቃለሁ። ቢሆንም ያቺ መስመር ከሲቲው ትበልጣለች።

ታማሚውም ድርሻ አለው። ካለመናገር ደጃዝማችነት ይቀራል። የሚያምህን ቦታ በአንድ ጣት አሳይ፤ በመዳፍህ ሆድህን ሁሉ አታሳይ። መቼ ጀመረ፣ ምን ሲያደርጉ ይብሳል፣ ምን ያሳርፈዋል፣ ከዚያ በፊት ቆዳ ላይ የወጣ ነገር፣ ቀዶ ጥገና ወይም መውደቅ ነበረ ወይ? የዳነ ነገርም ይነገር። እኚህ እናት አልማዝ ባለጭራውን ለአንዱም ሐኪም አልነገሩም፤ ድኗላ። የጠየቃቸውም የለም። ሽፍታው እንደወጣ በ72 ሰዓት ውስጥ ጤና ጣቢያ ቢደርሱ የቫይረሱ መድኃኒት በጊዜ ይጀመር ነበር፤ ሽፍታው ቶሎ ይደርቃል፣ የመጀመሪያው ሕመምም ይቀንሳል። ያ ቀን አልፏል። ለቀረው የነርቭ ሕመም ግን እንደ አሚትሪፕቲሊን ወይም ጋባፔንቲን ያሉ መድኃኒቶች አሉ፤ ሐኪም በትንሽ መጠን ጀምሮ ቀስ እያለ የሚጨምራቸው ናቸው።

ሪፖርቱን ስጽፍ ከተለመደው መጨረሻ በታች ሁለት መስመር ጨመርኩ። አንዱ በዚህ ምርመራ ሊታዩ የሚችሉት የሆድ ዕቃዎች ደህና መሆናቸውን፣ ነርቭና ቆዳ ግን በዚህ እንደማይመረመሩ። ሌላው የጠባሳውን ቦታና ሶፍቱ ሲነካቸው የሆነውን። ልጁ ቆሞ ይጠብቃል። «በሬው ለጊዜው ይቆይ» አልኩት። «ወደ ሐኪሙ ስትገቡ መጀመሪያ ጀርባቸውን አሳየው፤ ወረቀቱን ከዚያ በኋላ ስጠው።»

«አይታይም እንዴ ታዲያ በማሽን?» አለ።

«አይታይም። ግን አለ።»

እናቱ ይህን ሲሰሙ ዓይናቸው እንባ ሞላ። «አብሽሪ እማ፣ አለ ብሎሻል እኮ» አላቸው። ወረቀቱን ፌስታሉ ውስጥ አልከተተውም፤ አጥፎ ደረት ኪሱ ውስጥ አደረገው። እሳቸው ከአልጋው ወርደው ጫማቸውን አጠለቁና፣ ሲገቡ እንደነበረው ቀሚሳቸውን በሁለት ጣት ከጎናቸው ራቅ አድርገው ይዘው ወጡ።